በቃል የማትገለጸው ልጅ

ምላሱ እንደ ምላጭ የሆነ አንድ በግ ነጋዴ ለጎረቤቱ ልጅ ሚስት ሊጠይቅ ከሁለት ሰዎች ጋር ሽማግሌ ሆኖ ሄደ። የልጅቷ አባት አቶ ድልነሳው እንግሊዝ አገር ተምረው የመጡ ሰው ናቸው። በወጉ መሠረት ሽማግሌ «እሺ» ሳይባል አይቀመጥምና ሦስቱም ሳሎኑ መሀል ቆሙ።

የመጡበትን ጉዳይ ገና ተናግረው ሳይጨርሱ አቶ ድልነሳው ጉሮሯቸውን ጠረጉ።

«የእኔ ልጅ ኢንኤፈብል ናት! የእንግሊዝኛ ቅጽል ነው፤ ብርቅ ቃል ስለሆነ እናንተ አታውቁትም። በቃል የማይገለጽ፣ ሊናገሩት ቢሞክሩ ቋንቋ የሚያጥርለት ማለት ነው።»

ከዚያ መግለጽ ጀመሩ። ዓይኗን ገለጹ፤ ትምህርቷን ገለጹ፤ ጣቶቿ ፒያኖ ላይ እንዴት እንደሚሄዱ ሳይቀር ገለጹ። ነጋዴው ክብደቱን ከአንዱ እግር ወደ ሌላው አዛወረ። እሱ እንኳ ለፋሲካ በግ ሲሸጥ ይህን ያህል አሞግሶ አያውቅም።

በመጨረሻ አቶ ድልነሳው ወደ እሱ ዞሩ።

«በሉ እንግዲህ፣ የእናንተስ ልጅ ምንድን ነው? ለእሱም እንዲህ ያለ ቃል ካላገኛችሁለት በሩ ያውላችሁ።»

ሁለቱ ሽማግሌዎች አንገታቸውን ደፉ። ነጋዴው ግን ጋቢውን አስተካክሎ እጅ ነሳ።

«የእኛም ልጅ ያው ኢንኤፈብል ነው፣ ጌታዬ» አለ። «ልዩነታችን፣ እኛ አንዴ በቃል አይገለጽም ካልን ዝም እንላለን።»

አቶ ድልነሳው ሊመልሱ አፋቸውን ሲከፍቱ ከጓዳ ሳቅ ቀደማቸው።

«እሺ፣ ተቀመጡ» ያሉት፣ ጓዳ ሆነው ሲስቁ የነበሩት የልጅቷ እናት ናቸው።