ዝንጀሮ የሰረቀው አጥንት

ጠጋ ጠጋ በሉና ተቀመጡ። የምነግራችሁ ተረት ጊዜያችሁን በከንቱ አይበላም፤ ስትነሡ ይዛችሁት የምትሄዱት ነገር አለው። የዝሆን ነገር ሲነሣ ሁላችንም ቶሎ ትዝ የሚለን፣ ዝሆኖች ሲጣሉ የሚረገጠው ሳር ነው። ዛሬ ግን ዝሆን ሲጣላ ሳይሆን ዝሆን ሲያዝን ነው የማወራችሁ። እኔ “ነበር” ስል እናንተ “ይሁን” በሉኝ።

ነበር። እንስሳት እንደ ሰው በሚያወሩበት፣ እንደ ሰውም ለቅሶ በሚደራረሱበት በዚያ በድሮው ዘመን፣ ስሙ በተረሳ አንድ ቆላ አገር፣ በጋ ሲገባ ውሃው የሚጠፋ ወንዝ ነበር። ይጠፋል ስላችሁ ጨርሶ ይሞታል ማለቴ አይደለም፤ አሸዋው ሥር ይደበቃል። የተደበቀውን አውጥታ አገሩን የምታጠጣው እመት ዝሆን ነበረች።

አቆፋፈሯ ወግ ነበረው። ወንዙ መታጠፊያ ላይ አንድ ትልቅ የመንጋጋ አጥንት ተቀምጧል። እመት ዝሆን መንጋዋን አስከትላ ስትደርስ፣ አጥንቱን በኩምቢዋ ከጫፍ እስከ ጫፍ ትዳስሰዋለች። ከዚያ ዝም ትላለች። መንጋውም ዝም ይላል፤ ግልገሎቹ እንኳ ጆሯቸውን አያራግቡም። ዝምታው ሲያበቃ በእግሯ እየማሰች፣ በኩምቢዋ እየዛቀች ትቆፍራለች። መጀመሪያ ሰላምታ፣ ቀጥሎ ዝምታ፣ ከዚያ ቁፈራ። ውሃው ሲወጣ ደግሞ የሚቀድመው ታናሽ ነው፤ እመት ዝሆን የምትጠጣው ከሁሉም በኋላ ነው። ይህ ተረት ብቻ እንዳይመስላችሁ፤ የዱር ዝሆን ዛሬም የደረቀ ወንዝ ቆፍሮ ውሃ ያወጣል፣ የሞተ ዝሆን አጥንት ሲያገኝም ቆሞ ይዳስሳል።

ይህን ሁሉ ገደል አፋፍ ላይ ቁጭ ብሎ የሚያይ አያ ዝንጀሮ የሚባል ነበር። አያ ዝንጀሮ ያየውን መስሎ ማሳየት ያውቅበታል። ክንዱን እንደ ኩምቢ እያወዛወዘ፣ ዓይኑን ጨፍኖ ያዘነ ሲመስል፣ ጦጣዎች በሳቅ ከዛፍ ይወድቁ ነበር።

አንድ ዓመት በጋው ከረረ። እመት ዝሆን መንጋዋን ይዛ ቅጠል ፍለጋ ራቅ ወዳለ ጫካ ሄደች። እሷ በሌለችበት ነፋሱ ጉድጓዱን በአሸዋ ደፈነው። የአያ ዝንጀሮ ትንሽ ልጅ “አባዬ፣ ውሃ” ማለት ጀመረች። ነጋ ጠባ “አባዬ፣ ውሃ።” አያ ዝንጀሮ አሰበ፣ አሰበና ወደ አያ ጅቦ ሮጠ።

“አያ ጅቦ! የእመት ዝሆንን ምስጢር ደረስኩበት። ውሃውን የሚያወጣው ቁፈራው አይደለም፤ አጥንቱ ነው! ነካ ታደርገዋለች፣ ውሃው ከች ይላል።”

“እኔን ነው የምታስተምረኝ?” አለ አያ ጅቦ ምራቁን እየዋጠ። “አጥንት ባየሁ ቁጥር አፌ ውሃ የሚሞላው ታዲያ በምን ሆነና!”

“እንድትበላው አይደለም፤ እንድትጎትተው ነው! ገደሌ ሥር እናምጣው። የውሃው ጌታ እኔ፣ ዘበኛው አንተ።”

“ዘበኛ ምን ይበላል?”

“ሊጠጣ የሚመጣ ሁሉ ባዶ እጁን አይመጣም።”

አያ ጅቦ ጎተተ፣ አያ ዝንጀሮ ገፋ፤ አጥንቱ ገደሉ ሥር ደረሰ። እንስሳው ሁሉ ጉድ ሊያይ ተሰበሰበ። አያ ዝንጀሮ አጥንቱን ዳሰሰ። ዝም አለ፤ በአንድ ዓይኑ ግን ተመልካቹን ይሰርቅ ነበር። ከዚያ ቆፈረ። መጀመሪያ ሰላምታ፣ ቀጥሎ ዝምታ፣ ከዚያ ቁፈራ። አቧራ ወጣ። እንደገና ዳሰሰ፣ እንደገና ቆፈረ። ድንጋይ ወጣ። ጥፍሩ ደማ።

“ምናልባት አነካክህ ይሆናል፤ እስቲ እኔ በጥርሴ ልሞክረው” አለ አያ ጅቦ።

ማንም አልሳቀም። ልጅቷም “አባዬ፣ ውሃ” ማለቱን ትታለች፤ ድምፅዋ ደርቋል።

እመት ዝሆን በበኩሏ ተመልሳ መታጠፊያው ላይ ቆማለች። ኩምቢዋን ዘረጋች፤ የነካችው ነፋስ ነው። አጥንቱ የለም። የልጅ ልጇ፣ ገና ጡት ያልጣለው ግልገል፣ ጉልበቱ ታጥፎ አሸዋው ላይ ተንበርክኳል።

“እማዬ፣ ልጄ እየወደቀብኝ ነው!” አለቻት ልጇ። “አጥንቱ ኋላ ይፈለጋል፤ እንቆፍር!”

ቆፈሩ። ነጩ አሸዋ አለቀና ጥቁር ጭቃ መጣ፤ እንደ ሸክላ የጠጠረ፣ ጠብታ የሌለበት። መንጋው ቆመ። “ወንዙ ሞቷል” አሉ።

እመት ዝሆን ግንባሯን ቋጠረች። “ስለዚህ ጭቃ የተነገረኝ ነገር ነበረ። እርጅና ነጠቀኝ። እናቴን ካልዳሰስኩ አይመጣልኝም” አለችና፣ የአጥንቱን ሽታ ተከትላ ወደ ገደሉ ሄደች።

እንስሳው እሷን ሲያይ ተበተነ። አያ ጅቦ የአጥንቱን ጫፍ እየላሰ ነበር፤ “እየጠበቅኩት ነው!” ብሎ ዘለለ። አያ ዝንጀሮ ልጁን አቅፎ መሬት ላይ ወደቀ።

“እመት፣ ይማሩኝ! አጥንቱ ውሃ የሚጠራ መስሎኝ ነው።”

እመት ዝሆን እግሯን አነሣች። አያ ዝንጀሮም አያ ጅቦም ዓይናቸውን ጨፈኑ። ከዚያ የልጅቷን የደረቀ ከንፈር አየች፤ እግሯንም ቀስ አድርጋ መለሰች።

“አጥንት ውሃ አይጠራም፣ ዝንጀሮ። ይህች እናቴ ናት። ልጅ ሳለሁ እንዲህ ያለ በጋ መጣ። ጥፍሯ እስኪሰነጠቅ ቆፈረች፣ ሁላችንንም አጠጣች፤ የራሷ ተራ ሲደርስ ጉልበቷ ከዳት። እዚያው ቀረች። አንተ ያየኸው ኩምቢዬን ነው፤ ሐዘኔን አላየህም። ልጅህን ጀርባዬ ላይ አውጣት። አጥንቱን ግን አንተው ትመልሰዋለህ።”

አያ ዝንጀሮ ጎተተ፣ አያ ጅቦ ገፋ። መታጠፊያው ላይ ደረሱ። እመት ዝሆን አጥንቱን ከጫፍ እስከ ጫፍ ዳሰሰችው፤ የጅቡን ምራቅ እንኳ አልተጸየፈችም። ዝም አለች። አያ ዝንጀሮም ዝም አለ፤ በዚህኛው ጊዜ ሁለቱም ዓይኖቹ ተጨፍነው ነበር።

“ጥቁሩ ጭቃ ሲመጣ እንዳታቆሚ፤ እሱ ክዳኑ ነው” አለች እመት ዝሆን በሹክሹክታ። “እንዲህ ነበር ያለችኝ።”

ባለ በሌለ ኃይሏ ጭቃውን ረገጠችው። ተሰነጠቀ። ከሥሩ ውሃው እንደታፈነ ትንፋሽ ሽቅብ መጣ።

ከሁሉም ታናሽ የዝንጀሮ ልጅ ነበረች።

“የሌባ ልጅ ትቅደም?” አለ አያ ጅቦ።

“ውሃ የአባት ስም አይጠይቅም” አለች እመት ዝሆን።

ልጅቷ ወደ ውሃው ሮጠች፤ ሮጠችና መሃል ላይ ቆመች። ተመልሳ ትንሿን መዳፏን አጥንቱ ላይ አሳረፈች። ከዚያ ጠጣች። ግልገሉም ተከተላት። አያ ዝንጀሮ ይህን ሲያይ አለቀሰ፤ ማንንም መስሎ ሳይሆን የራሱን ልቅሶ። እሱም የጠጣው ሌላው ሁሉ ከጠጣ በኋላ ነው። ከዚያ ወዲያ መንጋው በመጣ ቁጥር፣ ነፋስ የጣለውን አሸዋ ከአጥንቱ ላይ ጠርጎ የሚጠብቃቸው እሱ ሆነ። የአገሩ ሰውም ይህን ይዞ እንዲህ አለ፦

አጥንቱ ለሌባ፣ ውሃው ለባለ እንባ።

ተረቴ ጠጥቶ ረካ፤ አሁን ተራው የእናንተ ነው። ቤታችሁ ውስጥ ማንም የማይጠቀምበት፣ ማንም ግን የማይጥለው አንድ አሮጌ ዕቃ አይጠፋም፤ የቅድመ አያት ዱላ ይሁን የተሰነጠቀ ቅል። ሂዱና ዳስሱት። ጥቂት ዝም በሉ። ከዚያ በቤቱ በዕድሜ የገፋውን ሰው “የማን ነበር?” ብላችሁ ጠይቁ። “እኔ እንጃ፣ ረሳሁት” ብሎ ከመለሰላችሁ ጥቁሩ ጭቃ መጣ ማለት ነው፤ እንዳታቆሙ። ዛሬውኑ ሞክሩት።