«ይታይ» የተባለ ማመልከቻ

አንድ መምህር ነበረ። ቆዪ፣ ጥያቄሽን አልረሳሁትም። «ፍርድ ቤት ፈርዶልኝ ዩኒቨርሲቲው የደረጃ እድገቴን ከከለከለኝ፣ ፕሬዚዳንቱን ችሎት በመድፈር ብከስ ነውር ነው ወይ?» ነው ያልሽኝ። መልሱ ያለው ይህ ሰው ጋ ነውና ስሚኝ።

ሰውየው ሃያ ስምንት ዓመት ስለ ነቀዝ አስተማረ፤ ስለ ነቀዝም ጻፈ። ተባባሪ ፕሮፌሰር ለመሆን የሚጠየቀውን ሁሉ አሟልቶ ቢያመለክትም ማመልከቻው ከቢሮ ቢሮ ሲዞር ዓመታት አለፉ። ጡረታው ሲቃረብ ፍርድ ቤት ሄደ። ዳኛዋ ግራ ቀኙን ሰምታ «የእድገት ጥያቄው በአንድ ወር ውስጥ ይታይ» ብላ አዘዘች። እሱም ያለቀለት መስሎት ለጎረቤቱ ሁሉ አወራ።

ወሩ አለፈ፤ ሁለተኛውም አለፈ። ጡረታ ሊወጣ ሦስት ሳምንት ቀረው። ከዚያ በኋላ ማዕረጉን የሚሰጠው የለም፤ የዕድሜ ልክ ልፋቱ ሜዳ ላይ ሊቀር ነው። ተንገበገበ። «ፕሬዚዳንቱ ችሎት ደፍረዋልና ይታሰሩልኝ» ብሎ አቤቱታ አስገባ። በቀጠሮው ቀን ሠርግ እንደተጠራ ሰው አዲስ ክራባት አስሮ ሄደ። እውነቱን ልንገርሽ፣ እድገቱን ረስቶታል። የጓጓው ፕሬዚዳንቱ በፖሊስ ታጅበው ሲወጡ ለማየት ነው።

ፕሬዚዳንቱ የእድገት ኮሚቴውን አስከትለው ቀረቡ። «ትእዛዙን ለምን አልፈጸሙም?» ብላ ዳኛዋ ጠየቀች።

«ክቡር ፍርድ ቤት፣ ፈጽመናል» አሉና ማህደሩን ሰጧት።

ገለጠችው። ትእዛዙ ላይ ዲኑ «ታይቷል» ብለው ፈርመዋል። የሰው ሀብት ኃላፊው «ታይቷል» ብለዋል። ምክትል ፕሬዚዳንቱ በቀይ ብዕር «እኔም አይቼዋለሁ» ብለዋል። አሥራ አንድ ሰው አይቶታል። የመምህሩን ጽሑፎች ግን አንድም ሰው አላነበበም፤ የታሸጉበት ፖስታ እንኳ አልተከፈተም።

ዳኛዋ ሳቋ አመለጣት። ፊቷን በማህደሩ ጋርዳ ሳቋን ጨረሰችና «‹ታይቶ ይወሰን› አለማለቴ የእኔ ጥፋት ነው» አለች። «አሁን ግን ግልጽ ይሁን። ኮሚቴው እዚሁ ግቢ አግዳሚ ላይ ተቀምጦ አንብቦ እስከ አሥር ሰዓት ይወስን። እስኪወስን ፕሬዚዳንቱ ከግቢው አይወጡም።»

ኮሚቴው እያጉረመረመ ተቀመጠ። ፖስታው ተከፈተ። ከአባላቱ አንዱ የእናቱን ማሽላ በየዓመቱ ነቀዝ የሚፈጅበት ሰው ነበር። ጥቂት ገጾች እንዳነበበ ቀና ብሎ «መምህር፣ ይሄ አመድ የቀላቀልክበት ዘዴ እውነት ይሠራል?» አለ። ሰውየው ቂሙን እንደያዘ ሊያስረዳ ቀረበ፤ ማስረዳት ሲጀምር ግን ቂሙ ከየት ይምጣ? ፕሬዚዳንቱም ጠጋ ብለው ስለ አባታቸው ጎተራ ጠየቁ። እሱም ቦታ ለቀቀላቸውና አጠገቡ አስቀመጣቸው። አሥር ሰዓት ሳይሞላ ኮሚቴው በሙሉ ድምፅ ወሰነ፤ ፕሬዚዳንቱም እዚያው ፈረሙ። ለየራሳቸው ክርክር የመጡ ባለጉዳዮች ሳይቀሩ እልል አሉ።

እንግዲህ ልጄ፣ ያ መምህር አንቺ ነሽ። ክሰሺ፤ ምንም ነውር የለውም። ዳኛዋ ፕሬዚዳንቱን የያዘችበት ሥልጣን ባይኖር ያ ፖስታ እስከ ዛሬ እንደታሸገ ነበር። ነገር ግን አቤቱታሽ መጨረሻ ላይ የምትለምኚውን እወቂ። «ይታሰሩልኝ» ብለሽ ቢሳካልሽ የምታገኚው አንድ የታሰረ ፕሬዚዳንት ነው፤ እሱን ደግሞ ምን ታደርጊዋለሽ? ይልቅ «አንብበው እስኪወስኑልኝ ድረስ እንዳይሄዱብኝ» ብለሽ ጻፊ።