አይዞሽ የተጻፈበት ሰሌዳ

አንዲት ሴት ነበረች፤ አገሯ ጃፓን፣ እንጀራዋ ድምፅዋ። በዚያ አገር የካርቱን ፊልም ይሠራሉ፤ ሥዕል አፍ የለውምና ሰው ይናገርለታል። እሷ የምትናገርለት የዘጠኝ ዓመት ልጅ ነበር። ልጁ የጠፋ ውሻውን ፍለጋ ተራራ ለተራራ ይንከራተታል፤ በየእሑዱም በቴሌቪዥን «አይዞህ፣ መጣሁልህ!» እያለ ይጣራል። ሠላሳ ስምንት ዓመት ሙሉ! እሷ ስትሸብት ልጁ ዘጠኝ ዓመቱ ላይ ቀረ፤ ውሻውም አልተገኘ።

ጥያቄህን ረስቼ ጃፓን የገባሁ እንዳይመስልህ፣ መሐንዲሱ። እመጣበታለሁ።

ሴትዮዋ ለጉሮሮዋ ትሳሳ ነበር። ቀዝቃዛ ውሃ አትጠጣም። ማይክሮፎን ፊት ስትቆም የሚንኮሻኮሽ ልብስ አትለብስም፤ ወረቀት ስትገልጥ እንኳ ኮሽታ አይሰማም። ይህ የሙያው ደንብ ነው፤ ባልደረቦቿም ያደርጉታል። የእሷ ስሕተት ደንቡን ይዛው ቤቷ መግባቷ ነው። ድምፄ እንዳያልቅ ብላ ቤት ውስጥ መናገር ተወች። ወጥ ቤቱ ግድግዳ ላይ ትንሽ ጥቁር ሰሌዳ ሰቀለች፤ «እራት ቀርቧል»፣ «ጫማሽን አውልቂ» እያለች በጠመኔ ትጽፋለች። አንዲት ሴት ልጅ ነበረቻት። «ሥራዬን ልጨርስና እስኪበቃን እናወራለን» ትል ነበር በልቧ። ክፉ ሰው አልነበረችም፤ እኔን የሚያናድደኝም ይኸው ነው።

አንድ ቀን ልጅቱ ከደረጃ ወድቃ ግንባሯ ተፈነከተ። እናትየዋ ልትጮህ አፏን ከፈተች፤ በማግስቱ ቀረጻ እንዳለባት ትዝ ሲላት ግን አፏን በእጇ ያዘች። ሮጣ ሰሌዳውን አወረደች፤ «አይዞሽ» ብላ ጽፋ ደም በደም የሆነችው ልጅ ፊት ያዘችላት። ልጅቱ ገና አራት ዓመቷ ነበር። ማንበብ አትችልም።

ዘመን አለፈ። ድምፅዋ ሻከረና የካርቱኑ ልጅ ለሌላ ሴት ተሰጠ፤ እሷን አበባ አስታቅፈው፣ ጎንበስ ብለው እጅ ነሥተው ሸኟት። አሁን ጉሮሮዋ የራሷ ሆነ። በዚያው ሰሞን ሌላ ከተማ የምትኖረው ልጇ በጠና መታመሟን ከሰው ሰማች። እስከዚያ ቀን ደብዳቤ ትልክ ነበር እንጂ ደውላላት አታውቅም። ስልኩን አነሣች።

«ማን ልበል?» አለች ልጅቱ።

«እኔ ነኝ… እናትሽ።»

«ተሳስተው ይሆናል፣ እማማ። የኔ እናት ስልክ አትደውልም።»

የገዛ ልጇ ድምፅዋን አላወቀችውም። ከየት ታውቀዋለች? ሴትዮዋ ጨነቃት፤ ልጅቱ ልትዘጋባት ነው። የምትታወቅበትን ድምፅ ስትፈልግ ከጉሮሮዋ የወጣው የዚያ የካርቱኑ ልጅ ድምፅ ነበር።

«አይዞሽ፣ መጣሁልሽ!»

ልጅቱ ስልኩን አልዘጋችም።

«እሱንስ አውቀዋለሁ» አለች። «በየእሑዱ ይመጣ ነበር፤ ለውሻው።»

ስልኩ ተዘጋ። ደጋግማ ብትደውል የሚያነሣ ጠፋ፤ ወር ሳይሞላም መርዶው መጣ። ያን ቀን ለጉሮሮዋ ሳትሳሳ ጮኸች። ጎረቤቱ ሁሉ ሰማት።

እንግዲህ ልጄ፣ «መንገዱ ይጠናቀቅና ልጆቼን ኋላ እክሳቸዋለሁ፤ ምን ክፋት አለው?» ብለህ ጠየቅኸኝ። ያች ሴት አንተ ነህ። አገር ለአገር የምታገናኝበት መንገድ ያ የካርቱን ልጅ ነው፤ በስልክህ የምትልክላቸው አጭር መልእክትም ያ ሰሌዳ ነው። ኋላ የምትለው ጊዜ ሲመጣ አንተ ትኖር ይሆናል፤ የሚጠብቅህ ልጅ መኖሩን ግን እንጃ። «ይደረስበታል» ብዬ ባጽናናህ ደስ ባለኝ፤ የተውኩት እንዳልዋሽህ ብዬ ነው።

በል አሁን ለትንሿ ልጅህ ደውልላት፤ እኔም እዚሁ ልቀመጥ። «ማን ልበል?» ካለችህ ግን ወደ እኔ አትመልከት።