«በቃኝ» የተባለበት ቀን

አንድ ወጣት አባት ወደ የኔታ መጥቶ፣ «ለልጄ የአያቴን ስም፣ አስረሳሽን፣ ላወጣላት ነበር። ስልኬ ላይ ሳየው ግን ፍቺው "ዝንጉ" ነው ይላል። ልተወው?» ብሎ ጠየቃቸው። የኔታም እንዲህ አሉት፦

ሚስቱን በስሟ የማይጠራ አንድ ገበሬ ነበረ። ስሟ በቃኝ ነው። ለአባቷ አምስተኛ ሴት ልጅ ስለሆነች፣ «ሴት መውለድ ቢሰለቸው ያወጣላት ነው» እያለ አገሩ ሁሉ ይፈታዋል። እሷም አምናዋለች። ካገባች ወዲህ የአባቷን ደጅ ረግጣ አታውቅም፤ «ከጅምሩ ያልፈለገኝን ሰው ምን ልሁን ብዬ» ትላለች።

ሴት ልጅ ወልዳ ክርስትናው ሲደርስ ገበሬው «አባትሽን እንጥራ» አላት። እምቢ አለች። እሱ ግን ሳይጠይቅ ማመን የማይሆንለት ሰው ነበር። ጎረቤቶቹ «ስምን መልአክ ያወጣዋል፤ ምን ያደክምሃል?» አሉት። «መልአኩን የት አገኘዋለሁ፤ አባቷ ግን ቆላ አሉ» ብሎ በቅሎውን ጭኖ ወረደ። ይህን ሰው እወደዋለሁ።

ሽማግሌው ጥያቄውን ሰሙ። «እናቷ ምጥ ጠንቶባት ሞተች ተብሎ ተለቅሶ ነበር። ከዚያ ትንፋሿ ተመለሰ፤ ሕፃኗም አለቀሰች። ቀና ብዬ "ከዚህ በላይ አልለምንህም፣ በቃኝ" አልኩት። ለእግዜር ያልኩትን ነው ስም ያደረግሁላት። ልጄ ለምን እንደራቀችኝ ግን እስከ ዛሬ አላወቅሁም» አሉት።

ገበሬው አማቱን በበቅሎው አስቀምጦ፣ እሱ በእግሩ እየሄደ አመጣቸው። ደጁ ላይ ሲደርስ ሚስቱን ለመጀመሪያ ጊዜ በስሟ ጠራት። ተቆጥታ ወጣች። አባቷ ያሉትን ደገሙላት። እግራቸው ላይ ወድቃ አለቀሰች፤ ከዚያ ወዲያ በቃኝ ሲሏት «አቤት» ማለት ደስ ይላት ጀመር።

የኔታ ወደ ወጣቱ ዞሩ። «እንግዲህ ልጄ፣ በቃኝ የመረረውም የጠገበውም የሚለው ቃል ነው። የቃሉን ፍቺ ስልክህም ይነግርሃል፤ እሱም ካልተሳሳተ ነው። ዝንጉ ያለህን ተወው፤ አስረሳሽ የምትባለው ሐዘን ያስረሳች ልጅ ናት። የማንን ሐዘን እንዳስረሳች ግን የአያትህ ታላቅ እህት ናቸው የሚያውቁት። ስልክህ ነገም አለ። እሳቸው ግን ትናንት ሕመሙ ጠንቶባቸው አቁርቤያቸው መጣሁ። እዚህ ምን ታደርጋለህ?»