በምሰሶ ጥላ የተጣሉት ቀልደኞች

አንድ ሰፈር ነበር፤ ላቀውና ውብሸት የሚባሉ ሁለት ጓደኛሞች አጫጭር የቀልድ ፊልም የሚሠሩበት። ካሜራቸው መስታወቱ የተሰነጠቀ ስልክ ነው። ልብስ አይቀይሩ፣ ስም አይቀይሩ፤ በፊልሙም ላቀው ላቀው ነው፣ ውብሸትም ውብሸት።

ከሁሉ የተወደደላቸው በኤሌክትሪክ ምሰሶ ጥላ የተጣሉበት ነበር። ላቀው ጥላውን «ያባቴ ርስት ነው» ብሎ ዙሪያውን በሲባጎ ያጥረዋል። ፀሐይዋ ስትዞር ጥላው ከአጥሩ ወጥቶ ወደ ውብሸት ይሄዳል። ውብሸትም «ርስቱ ራሱ እኔን መረጠ!» ይላል፤ ከዚያ እስኪመሽ ይሰዳደባሉ። ሰፈርተኛው በሳቅ ፈረሰ።

የሰፈሩ አስታራቂ አባባ ደግፌ ግን አልሳቁም። ፊልሙን በልጅ ልጃቸው ስልክ አይተው ደነገጡ። በማግስቱ ጋቢያቸውን ደርበው፣ ሁለት ሽማግሌዎች አስከትለው ከች አሉ።

«አባባ፣ ፊልም እኮ ነው» አለ ላቀው ሳቁን እየዋጠ።

«ስምህን ጠርቶ ሰደበህ፤ አንተም ስሙን ጠርተህ ሰደብኸው። ሌላ ምን ቀረ? በሉ ተነሡ!»

ምን ያድርጉ? ተነሥተው ይቅር ለእግዜር ተባባሉ፤ ተሳሳሙ፤ ተመረቁ። ሽማግሌዎቹ ሲወጡ ጓደኛሞቹ ሆዳቸውን ይዘው ሳቁ። ያ ጊዜ ዛሬም ይናፍቀኛል። ላልተጣላ ሰው እንኳ አስታራቂ ይመጣ ነበር።

ዓመታት አለፉ፤ አባባ ደግፌም አረፉ። አንድ ቀን ላቀው ለቴሌቪዥን ድራማ ለብቻው ተመረጠና ለጓደኛው ሳይነግር ሄደ። ውብሸት ወሬውን ሰምቶ መንገድ ላይ ያዘው።

«ከሰው ልስማው? እኔ ምንህ ነበርኩ?» ብሎ አለቀሰ።

ላቀው ጥፋቱን ስላወቀ አፈረ፤ ያፈረ ሰው ደግሞ ይቆጣል። ድምፃቸው ከፍ ሲል ሰው ተሰበሰበ፤ ስልኩንም አወጣ። «አዲሱ ፊልማቸው ነው! ውብሸት ማልቀስ ይችልበታል!» እየተባለ ተሳቀ፣ ተጨበጨበ። አንድም የገላገለ አልነበረም። ሁለቱም በዚያው ተኮራረፉ።

ላቀው በየድራማው ብዙ ስም ተሰጠው። በገዛ ስሙ ጠርቶ የሚሰድበው ወዳጅ ግን አጣ። ናፍቆቱ ሲብስበት ሄዶ የውብሸትን በር አንኳኳ።

«ማን ልኮህ ነው?» አለ ውብሸት በሩን ገርበብ አድርጎ።

«ሽማግሌ ይመጣል ብዬ ብጠብቅ ብጠብቅ የሚመጣ ጠፋ። ራሴን ሽማግሌ አድርጌ መጣሁ። አጥፍቻለሁ፣ ወንድሜ።»

ውብሸት በሩን ወለል አድርጎ ከፈተው። «ሽማግሌ ከደጅ አይመለስም፤ ግባ» አለው።

ወዳጆቼ፣ አባባ ደግፌም ተሳስተዋል፣ መንገድ ላይ የቆመው ሰውም ተሳስቷል። ነገር ግን ተሳስቶ ማስታረቅ ቢበዛ ያስቃል፤ ተሳስቶ መሳቅ ወዳጅ ያሳጣል። እናንተስ ያኮረፋችሁት ሰው አለ? ገላጋይ እየጠበቃችሁ ከሆነ ተነሡና እናንተው ሂዱ፤ ሰዉ እንደሆነ ስልኩን ደግኖ ቆሟል።