ሰባት መቶ ገጽ የጻፈው ሐኪም

አሜሪካኖች እርስ በርሳቸው በተዋጉበት ዘመን ሻለቃ ዊትኮም የሚባል የጦር ሐኪም ነበር። ከሕክምናው ይልቅ በድርሰቱ የሚኮራ ሰው ስለነበር፣ በጦር ሜዳ ስለ ፈጸመው ጀብዱ ሰባት መቶ ገጽ ጻፈ። ለቁርሱ ምን እንደ በላ እንኳ አላስቀረም። በየቀኑ ወደ ቁስለኞቹ ክፍል እየገባ ያነብላቸዋል፤ እነሱም ተነሥተው መሸሽ ስለማይችሉ ይሰማሉ።

ከቁስለኞቹ መካከል አንድ ምላሱ የማያርፍ ወታደር ነበር። ጥይት የነካችው የእግሩን ትንሽ ጣት ብቻ ሲሆን፣ ሻለቃው ግን ለጥንቃቄ ብሎ እግሩን ከጉልበቱ በላይ ቆርጦታል።

አንድ ጄኔራል ሆስፒታሉን ሊጎበኝ በመጣ ዕለት ሻለቃው ወደ ወታደሩ ጠጋ ብሎ፣ «ጄኔራሉ ፊት መጽሐፌን ታሞግሳለህ። አለዚያ የመሰናበቻ ወረቀትህን አልፈርምልህም፤ እዚሁ ተኝተህ የመጽሐፌን ሁለተኛ ቅጽ ትሰማለህ» አለው።

ጄኔራሉ ሲገባ ሻለቃው መጽሐፉን በሁለት እጁ ተሸክሞ ቀረበና፣ «ይህ ወታደር ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ሰምቶታል፤ እሱ ይመስክር» አለ።

«እስቲ ንገረኝ ልጄ፣ መጽሐፉ እንዴት ነው?» አለ ጄኔራሉ።

«ጌታዬ፣ መልስ ከመስጠቴ በፊት የመሰናበቻ ወረቀቴን ይፈርሙልኝ» አለ ወታደሩ፣ ወረቀቱን ከትራሱ ሥር አውጥቶ።

ጄኔራሉ ገርሞት ፈረመለት። ወታደሩ ወረቀቱን ደረት ኪሱ ከተተና ብርድ ልብሱን ገልጦ የተቆረጠ እግሩን አሳየ።

«መጽሐፉ ትንሽ ረዘመ ጌታዬ፤ እኔ ደግሞ ትንሽ አጠርኩ። ሻለቃው መጋዛቸውን መጽሐፉ ላይ ቢያሳርፉት ኖሮ፣ ሁለታችንም ልካችንን እናገኝ ነበር።»