ተቀባይ ያጣ ዘፈን

አንድ መንደር ውስጥ በየሠርጉ ዘፈን የምታወርድ አልጋነሽ የምትባል ሴት ነበረች። እሷ ስታወርድ ሠርገኛው እያጨበጨበ ይቀበላታል። በዚያ መንደር ዘፈን የማይቀበሉት የተቀየሙት ሰው ሠርግ ላይ ብቻ ነው። ሰው ሠርግ ሄዶ ዝም ማለት ከስድብ ይከፋል።

ጎረቤቷ ወይዘሮ ስንቅነሽ ልጇን ስትድር አልጋ ላይ ከዋለች ከርማ ነበር፤ ዓይኗም አያይም። ድንኳኑ የተተከለው ራቅ ያለ ሜዳ ላይ ስለነበር የሠርጉ ዕለት ጠዋት አልጋነሽን አስጠርታ እጇን ያዘቻት።

«አልጊዬ፣ ሁሉም ስልክ አለው አሉ። ቀርፃችሁ አምጡልኝ። ጎረቤቶቼ ለልጄ ሲቀበሉ ልስማና ከዚያ እግዜር ይውሰደኝ።»

«ድንኳኑን ነው የማስነሳልሽ!» አለቻት አልጋነሽ።

ድንኳኑ ውስጥ ከበሮዋን አንስታ አወረደች። ስልኩ ሁሉ ብድግ አለ። የተቀበለ ግን የለም።

«ኧረ ተቀበሉ! ምላሳችሁን ቤት ቆልፋችሁበት ነው የመጣችሁት?»

«እትዬ አልጌ፣ የእኛ ድምፅ ከገባ ቪዲዮው ይበላሻል» አለ አንድ ጎረምሳ።

«ጭብጨባውስ?»

«ስልኩን በምናችን እንያዘው ታዲያ? በጥርሳችን?»

ድንኳኑ ሳቀ። ከዚያ ሳቁም ቆመና ሁሉም ወደ ቀረፃው ተመለሰ። አልጋነሽ አፈረች። እያወረደች ራሷ ተቀበለች፣ ጉሮሮዋ እስኪዘጋ ድረስ።

በማግስቱ ስንቅነሽ ያመጡላትን ስልክ ጆሮዋ ላይ አድርጋ አዳመጠች።

«ሰው አልመጣም እንዴ?»

«ኧረ ጢም ብሎ ነበር፤ መቆሚያም አልነበረም» አለቻት አልጋነሽ።

«ታዲያ ያንቺን ድምፅ ብቻ ነው የምሰማው።»

«እየቀረፁ ነበር፣ እህቴ። ሁሉም።»

«የሚቀርፅ ሰው አፍ የለውም?»

ሌላ ስልክ አስመጡላት፤ ሌላም። በሁሉም ውስጥ አንዲት ሴት ብቻዋን ትዘፍናለች።

«ምን አስቀይሜያቸው ይሆን?» አለችና ፊቷን ወደ ግድግዳው መለሰች።

አልጋነሽ እየሮጠች በየጎረቤቱ ዞረች። «ኑ፣ አልጋዋ አጠገብ አንዴ ተቀበሉልኝ!» ሁሉም በየቤቱ ሠርጉን በስልኩ እያየ ነበር።

«ውይ፣ እንዴት ያምራል! ይቺን ጨርሰን እንመጣለን» አሏት።

ይቺ አልቃ ሌላ መጣች። የማያውቁት ሰው ሠርግ፣ ከዚያ ቀልድ፣ ከዚያ ኳስ።

መምጣቱንስ መጡ፤ ግን የመጡት ለለቅሶ ነበር። ያን ቀን የሁሉም ድምፅ ተሰማ፤ አጥር ተሻግሮ ተሰማ። ስንቅነሽ ግን ጎረቤቶቿ የተቀየሟት መስሏት ሄዳለች።

ስልክ የሆነውን ሁሉ ያስቀምጥልናል። ያላወጣነውን ድምፅ ግን ከየት ያመጣዋል? በሰው ደስታ ላይ ቆሞ ብቻ የሚያይ ሰው፣ ድንኳኑ ውስጥ ቢቆምም እንደቀረ ይቆጠራል። እናንተስ በቅርቡ በሄዳችሁበት ሠርግ ድምፃችሁን የሰማ ሰው አለ?